ያልዘነበው ዝናብ

ራቢአ በሕይወቷ ሰው ለመምታት እጇን አንስታ አታውቅም። ቡራዩ ዋናው መንገድ ዳር ባለ መድኃኒት ቤት ስትሠራ ሰካራም ሰድቧታል፤ ያለ ሐኪም ማዘዣ መርፌ ካልሸጥሽልኝ ብሎ መስታወቱን የደበደበም አለ። ለሁሉም «እሺ ወንድሜ፣ ተረጋጋ» እያለች የኖረች ልጅ ናት። የዚያን ቀን ረፋድ ግን ከመስታወቱ ወዲያ የቆመችውን ሴት በጥፊ ላለማጮል ሁለት እጆቿን ጋዋኗ ኪስ ውስጥ ከትታ በቡጢ ጨበጠቻቸው።

ሴትየዋ ክፉ ቃል አልወጣትም። ወጣት ናት፣ ግራጫ ሹራብ ለብሳለች፣ ድምጿ ለስላሳ ነው። የጉሮሮ ከረሜላ ጠየቀች፣ ተሰጣት። ከዚያ በኋላ ግን ንቅንቅ አልል አለች።

«ራቢአ፣ ከስተሻል» አለች።

«እንተዋወቃለን እንዴ?»

«ሉሲ እባላለሁ። አንቺ አታውቂኝም፣ እኔ ግን አውቅሻለሁ።» ዐይኖቿ እንባ አቀረሩ። «ያን ቀን ሰበታ መነኸሪያ ዶፉ ሲወርድ ጃኬቴን አውልቄ ትከሻሽ ላይ ጣል አደረግኩልሽ። ‹አንተስ?› አልሽኝ። ‹እኔን ዝናብ አይነካኝም› አልኩሽ። ሳቅሽ። ያን ጊዜ ነው የወደድኩሽ።»

ራቢአ መጀመሪያ ልጅቷ ታማለች ብላ አሰበች። መድኃኒት ቤት የሚመጣው ሁሉ ጤነኛ አይደለም። ግን ሉሲ አንገቷን ወደ ቀኝ ዘንበል እያደረገች፣ ዐረፍተ ነገሩ ሊያልቅ ሲል ትንፋሿን ዋጥ የምታደርግበትን አነጋገር ስታይ ሐሳቧን ለወጠች። ይህ የዲኖ አነጋገር ነበር። ሌላ ማንም እንዲህ አይናገርም።

ዲኖን ለማታውቁት ላስተዋውቃችሁ። ተፍኪ አክስቱ ቤት ያደገ የሙት ልጅ ነው። ጢሙ ሳያቀመቅም ሰበታ መጥቶ በራቢአ አባት በሐጂ ጃዕፈር የጨርቃ ጨርቅ ሱቅ ተቀጠረ። ታማኝ ነው፣ ሥራ አዋቂ ነው፣ ቁመናውም አይጠላም። አንድ ጉድለት ብቻ አለበት፤ አይናገርም። «ዝም አይነቅዝም» የሚለው ተረት ለእሱ የወጣ ይመስላል። ለራቢአ ፍቅሩን የገለጠላት እንኳ በአፉ አይደለም። አንድ ቀን፣ አንድ ቦታ፣ አንድ ነገር አደረገ፤ ያን ቀን እሱና እሷ ብቻ ያውቁታል። ከዚያ ወዲያ ሁለቱ በጨርቅ ጥቅሎች መሐል እየተያዩ ዓመታት አሳለፉ። በመጨረሻ ዲኖ ሽማግሌ ላከ። ሐጂ ጃዕፈር ሽማግሌዎቹን በር ላይ አቁመው መለሱ፤ ከመመለሳቸውም በላይ «ከተፍኪ አቧራ አንስቼ ሰው ያደረግኩት ልጅ የእኔን ልጅ ይጠይቀኝ?» አሉ። በማግሥቱ ዲኖ ሱቅ አልገባም። ስልኩ ተዘጋ። ቴሌግራሙ ላይ ከገባ ብዙ ጊዜው መሆኑን የምትናገር አንዲት መስመር ብቻ ቀረች፤ ራቢአም ያቺን መስመር እያየች ክረምትና በጋ አለፈባት።

ከዚያ ወሬው መጣ። ዲኖ ሱሉልታ ነው፤ «አንድ ልቦና» ከሚባሉት ጋር ገብቷል።

ስለ አንድ ልቦና ሰው ብዙ ያወራል። ሰይጣን ጎታቾች ናቸው የሚል አለ፤ የመሬት ደላሎች ናቸው የሚልም አለ። እውነቱ ከሁለቱም የተለየና ከሁለቱም የባሰ ነው። ሰዎቹ የሰው ልጅ አእምሮ አንድ ነበር፣ ተሰባብሮ ነው እንዲህ የሆንነው ብለው ያምናሉ። ሐዘን ሁሉ «የእኔ» ከማለት ይመጣል ይላሉ። ስለዚህ እያንዳንዱ አባል ያየውንና የኖረውን አንድ በአንድ፣ ክብ ሠርተው ለተቀመጡት ይናገራል፤ ሌሎቹ በእሱ አንደበት፣ በእሱ ትንፋሽ እስኪሉት ድረስ ይደጋግሙታል። ከዚያ ወዲያ ነገሩ የሁሉም ይሆናል፤ ባለቤቱ በብቻው «የእኔ ነበር» ማለት አይፈቀድለትም። ይህንን ማውረስ ይሉታል።

«አባትሽ በር ላይ ያቆሙኝ ቀን…» ብላ ሉሲ ቀጠለች፣ «‹ከተፍኪ አቧራ› ያሉኝ ቀን…»

«አንቺን አባቴ የት ያውቁሻል?» አለች ራቢአ።

«እኔንም ነው ያሉት። ሁላችንንም። አንድ ሰው ብቻውን ሊሸከመው አይችልም ነበር፣ ስለዚህ ተካፈልነው።» ሉሲ በእጇ መስታወቱን ነካች። «ቅዳሜ ዲኖ መጨረሻውን ያወርሳል። አንቺም እንድትገኚ እንፈልጋለን።»

«ራሱ ለምን አልደወለም?»

«እኔ እሱ ነኝ።»

«እሱ ከሆንሽ ይሄን ጥፊ ለእሱ ነበር የያዝኩለት፤ ልስጥሽ?»

ሉሲ ደንግጣ ወደ ኋላ አለች። በአንዲት ደቂቃ ፊቷ ላይ የዲኖ ምልክት ሁሉ ጠፍቶ ፈሪ ምስኪን ልጅ ሆነች። ከረሜላዋን ይዛ ወጣች።

ሆድ ለባሰው ማጭድ አታውሰው ይባላል። ራቢአ ማጭዱን ያገኘችው ሉሲ ከወጣች በኋላ ነው። ዲኖ ፍቅራቸውን ለባዕድ ሰው መስጠቱ አንጀቷን አሳርሮታል፤ ይህ አንድ ነገር ነው። ግን ዝናብ? የምን ዝናብ? ያን ቀን ጠራራ ፀሐይ ነበር። መነኸሪያ አጠገብ አልደረሱም። ጃኬት ደግሞ ዲኖ በዚያ ዘመን ጭራሽ አልነበረውም። እንግዲያ ያ ጃኬት የማን ትከሻ ላይ ነው የወደቀው? ወይ ረስቷታል፣ ወይ ከሌላ ሴት ጋር አምታትቷታል። የትኛው እንደሚብስ መምረጥ አቅቷት ወደ መድኃኒት መደርደሪያው ዞራ አለቀሰች።

*

ዓርብ ከጁምዓ መልስ ሰበታ ወረደች። ሱቁ ሞልቷል። ሐጂ ጃዕፈር ባንኮኒው ጀርባ ተቀምጠዋል፤ አንዲት ባለመኪና ሴትዮ ያቺን ባለ ወርቅ ክር ጨርቅ አለ ወይ ብላ ትጠይቃለች። ሐጂ መዳፋቸውን ጠረጴዛው ላይ ዘርግተው ሁለት ጊዜ አሻሹት፣ ጨርቅ የሚያስተካክሉ ይመስል። ወዲያው ሻጩ «አልቋል እናቴ፣ ይሄኛው ግን ቁርጥ እሱን ነው» ብሎ ሌላ ጥቅል ዘረጋላት።

ይህ የቤቱ ሕግ ነው፤ ራቢአ ከልጅነቷ ጀምሮ ታውቀዋለች። ዋናው ጨርቅ ጓዳ ነው፤ ዋጋውን ለሚያውቅ፣ ለዓመታት ለተመላለሰ ደንበኛ ይቀመጣል። ለአላፊ አግዳሚው እሱን የሚመስለው ይወጣል። ሐጂ መዳፋቸውን ካሻሹ ሻጩ ቢገረፍም ጓዳ አለ አይልም።

ሴትዮዋ ገዝታ እስክትወጣ ራቢአ ቆማ ጠበቀች።

«ነገ ሱሉልታ እሄዳለሁ፣ አባ።»

«ምን አለ ሱሉልታ?»

«ዲኖ።»

ሻጮቹ በአንድ ጊዜ ጨርቅ ማጠፍ ጀመሩ። ሐጂ መነጽራቸውን አወለቁ።

«ያ ልጅ ጥሎሽ ሄደ። የኔ ልጅ ወንድ ፍለጋ ተራራ ልትወጣ?»

«እርስዎ አይደሉም እንዴ ያባረሩት! በር ላይ አቁመው! አቧራ ብለው!»

«ድምፅሽን!»

«አልቀንስም! ዓመት ሙሉ ቀንሼ ነበር፣ ምን አተረፍኩ?»

ሐጂ ጃዕፈር ንዴታቸው ሲመጣ ጆሯቸው ይቀላል፤ አሁን አንገታቸውም ቀላ።

«ስሚኝ» አሉ በመጨረሻ። «ሽማግሌ መጀመሪያ ቀን እሺ ተብሎ ያውቃል? የወንድምሽን የአክመልን ሚስት ስንጠይቅ እኔስ ስንቴ ተመለስኩ? የመጀመሪያው ይመለሳል፣ ሁለተኛው ቁጭ ይላል፣ ሦስተኛው ይበላል። ወጉ ነው። ይመጣል ብዬ ስጠብቅ እሱ እቃውን ጠቅልሎ ጠፋ። አባት የሌለው ልጅ ይሄን ማን ይንገረው? አላወቀም።»

ራቢአ ጆሮዋን ማመን አቃታት። «አለማወቁን ካወቁ ለምን አልነገሩትም? ሱቅዎ ውስጥ እኮ ነበር! አሥር እርምጃ አይሆንም!»

«ስድቡ…» ሐጂ መነጽራቸውን ደጋግመው ጠረጉት። «ስድቡ ከወጉ አልነበረም። እሱ አፌ ነው። ሽማግሌ ፊት ከወጣ በኋላ ምን ብዬ ልመልሰው?»

«እርስዎ ምላስዎን መመለስ አፈሩ፣ እሱ እግሩን መመለስ አፈረ። በመሐል እኔ ነደድኩ።» ራቢአ ቦርሳዋን አነሳች። «ሁለታችሁም ወንዶች ናችሁ ይባላል!»

ከሱቁ ስትወጣ አባቷ ስሟን ጠሩ። አልዞረችም። ዓመት ሙሉ አንድ ሰው ላይ ብቻ ተናድዳ ነበር፤ አሁን ንዴቷ ለሁለት ሰው ሲካፈል እንኳ አልቀነሰም።

*

ቅዳሜ ጠዋት ሚኒባሱ እንጦጦን ተሻግሮ ወደ ሱሉልታ ሲያቆለቁል ጉሙ ገና አልተነሣም። ሯጮች በመንገዱ ዳር ተሰልፈው ከጉሙ ይወጣሉ፣ ተመልሰው ይገባሉ። ራቢአ ከከተማው ወጣ ብላ ወረደች። የአንድ ልቦና ግቢ የድሮ የአበባ እርሻ ነው፤ ነጭ ፕላስቲክ የለበሱ ረጃጅም ቤቶቹ ተቦጫጭቀው በነፋስ ይጮሃሉ። በሩ ላይ ጋቢ የለበሱ ሽማግሌ ዘበኛ ዱላቸውን ተደግፈው ቆመዋል።

«አከም ጅርታ ኢንተሎ?» አሏት።

«ፈያ፣ ኦቦ። አከም ጅርቱ?»

ሰላምታቸውን በኦሮምኛ ስትመልስላቸው ፊታቸው ፈካ። ሊቤ እባላለሁ አሉ። የመጣችበትን ስትነግራቸው ምራቃቸውን ጢቅ አደረጉ።

«ልጄ፣ ዓምና ጊደሬ ሞተችብኝ። እኔው በሞኝነቴ ለነዚህ አወራሁላቸው። ይኸው እስከ ዛሬ ተሰብስበው ያለቅሱላታል። ጊደሯ የሞተችው የኔ፣ እንባው የእነሱ! እኔ ለገዛ ጊደሬ ማልቀሻ አጣሁ። የምትወጂው ሰው ካለሽ እዚህ ግቢ ውስጥ ስሙን አትጥሪ።»

በሌላ ቀን ብትሆን ራቢአ በሳቅ ትፈነዳ ነበር። ዛሬ ግን «ስሙን ሰጥቷቸዋል፣ ኦቦ፤ የኔንም ጨምሮ» ብላ አለፈች።

ጽጌረዳ ይበቅልበት በነበረው ረጅም ቤት ውስጥ፣ ሰሌን ላይ፣ ግራጫ ሹራብ የለበሱ ሰዎች ክብ ሠርተው ተቀምጠዋል። ወንድ አለ፣ ሴት አለ፣ የቢሮ ሠራተኛ የሚመስል አለ፣ የገበሬ እጅ ያለው አለ። ሉሲ ከመሐላቸው ናት። ራቢአ ዐይኗን አዟዙራ ዲኖን ፈለገችው፤ ፊት ለፊቷ ተቀምጦ እንኳ ቶሎ አላወቀችውም። ጠጉሩን ተላጭቷል። ጉንጩ ጎድጉዷል። ቀና ብሎ አያት፣ ወዲያው ዐይኑን ሰበረ። ያ ዐይን መስበር ድሮ ያሳዝናት ነበር፤ ዛሬ ቆሽቷን አሳረረው።

የክቡ አለቃ ገብረየስ የሚባል ሰው ነው። ረጋ ያለ፣ ጢሙ የተከረከመ፣ ሰው ሲናገር በየቃሉ ራሱን የሚነቀንቅ ዓይነት።

«እንኳን መጣሽ» አላት። «ዛሬ ዲኖ ይጸናል። ከዛሬ በኋላ ዲኖ የሚባል ለብቻው የለም፤ ከዚህ በርም አይወጣም። ከዚያ በፊት ግን አንድ ወግ አለን። አንድ ሰው ያወረሰን ነገር ውስጥ ሌላ ሰው ካለበት፣ ያ ሰው መጥቶ ይሰማል። እውነት ነው ካለ ወንድማችን ይጸናል። አንዲት ነገር ሸሽጎ ከሆነ አሁኑኑ እቃውን ይዞ ይወጣል፣ ተመልሶም አይገባም። እኛ ዘንድ ሌላው ኃጢአት ሁሉ ይቅር ይባላል፤ መሸሸግ ግን ይቅር አይባልም።»

ራቢአ ያን ጊዜ ገባት። የጠሯት ለስንብት አይደለም። ለፍተሻ ነው። ዲኖን ተጠራጥረውታል፣ እሷን ደግሞ ሚዛን አድርገው አምጥተዋታል።

ገብረየስ እጁን አነሣ። ክቡ በአንድ ትንፋሽ ጀመረ።

«ሰበታ መነኸሪያ ዶፍ ዝናብ ወረደ። መጠለያው ሞልቷል። ጃኬቴን አውልቄ ትከሻዋ ላይ ጣል አደረግኩላት። ‹አንተስ?› አለችኝ። ‹እኔን ዝናብ አይነካኝም› አልኳት። ሳቀች። ያን ጊዜ ነው የወደድኳት።»

ሁሉም አንገታቸውን ወደ ቀኝ ዘንበል አደረጉ። ሁሉም መጨረሻው ላይ ትንፋሻቸውን ዋጡ። አንድ ሽበታም ሰውዬ በስሜት ዐይኑን ጨፍኖ ነበር። ራቢአ የጠጉሯን ሻርፕ አጠበቀች። የወደደችው ሰው አንገት ይህ ሁሉ አንገት ሆኖ ፊቷ ሲዘነብል ልብሷን ያወለቁባት መሰላት።

«እንዲህ ነበር?» አለ ገብረየስ።

ውሸት ነው ልትል አፏን ከፈተች። አንዲት ቃል ናት። ቃሏን ከተፋች ዲኖ ይባረራል፤ ተባረረ ማለት ደግሞ አገኘችው ማለት ነው። ከዚያም ያቺ የጃኬቷ ሴት ማን እንደሆነች መንገድ ላይ አንገቱን ይዛ ትጠይቀዋለች። ከመናገሯ በፊት ግን ለመጨረሻ ጊዜ አየችው፣ ንዴቷን እንዲያይላት።

ዲኖ አንገቱን ደፍቷል። መዳፉን ጉልበቱ ላይ ዘርግቶ ሁለት ጊዜ አሻሸው፣ ጨርቅ የሚያስተካክል ይመስል።

የአባቷ የሱቅ ምልክት ነበር።

ዋናው ጓዳ ነው። ይህ ሁሉ ዝናብ፣ ይህ ሁሉ ጃኬት፣ ለገበያ የወጣ ማስመሰያ ነው። ሌላ ሴት የለችም። መርሳትም የለም። ስድቡን እንኳ ሳይደብቅ አሳልፎ የሰጠ ሰው ያን ጠራራ ፀሐይ፣ ያን እውነተኛውን ቀን ብቻ ለማንም ሳያሳይ ጓዳ አስቀምጦታል። ላንድ ደንበኛ።

ደስታ ይመስላችኋል የተሰማት? እሳት ነው የተሰማት። ምክንያቱም ወዲያው ሌላም ነገር ገባት። እውነት ነው ካለች ቀናቸው ጓዳ እንደ ተቀመጠ ይቀራል፤ ዲኖ ግን ጸንቶ በዚህ ግቢ ይቀበራል። ውሸት ነው ካለች ዲኖ ይወጣል፤ ግን ያወጣችው እሷ ናት፣ በአፏ፣ እንደ ከሳሽ። እሱ ሳይመርጥ። እሱ ዝም ብሎ፣ እንደ ልማዱ።

«እንዲህ ነበር ወይ?» አለ ገብረየስ እንደገና።

«እርስዎ ዝም ይበሉ» አለችው። ወደ ዲኖ ዞረች። «አንተን ነው። ተነሣ።»

ዲኖ ቀና አለ።

«ተነሣ አልኩህ! አባቴ ዘንድ ሽማግሌ ላክህ፣ አንተ ግን አንድም ቀን አልተናገርክም። ስትሄድ ስልክህን ዘጋህ። መድኃኒት ቤቴ ድረስ ይቺን ምስኪን ልጅ አንተን አድርገው ላኩብኝ። ዛሬ ይሄ ሁሉ ሰው ባንተ ትንፋሽ ፍቅርህን ይገልጥልኛል! አሁን ደግሞ እኔ እንድናገርልህ ትፈልጋለህ? ከብት ያለው ያግባሽ ወይስ አፍ ያለው ቢሏት አፍ ያለው አለች ይባላል። እኔ ሞኟ ከብትም አፍም የሌለው ወደድኩ!»

አንድ ሰው ከክቡ ሳቅ አመለጠው፣ ቶሎም አፈነው።

«ወላሂ፣ እውነት ነውም አልልም፣ ውሸት ነውም አልልም» አለች ራቢአ። እንባዋ ይወርዳል፣ ድምጿ ግን አልተሰበረም። «ማውረስ ትላላችሁ። የሚያወርስ የሞተ ሰው ነው። ሞተህ ከሆነ ተቀመጥ፣ አልቅሼልህ እሄዳለሁ፤ ማልቀሻዬን ደግሞ ለማንም አላካፍልም። ካልሞትክ ግን በገዛ አፍህ ተናገር።»

ነፋሱ የተቦጨቀውን ፕላስቲክ አራገበው። ዲኖ ተነሣ። አንገቱን ቀጥ አደረገ።

«ውሸት ነው» አለ።

ክቡ ተንጫጫ። ገብረየስ እጁን ሲያነሣ እንኳ ዝም ያለ የለም።

«ዝናብ አልነበረም። መነኸሪያም አልነበረም። ጃኬትም አልነበረኝም።» በየቃሉ መሐል እየቆመ፣ መራመድ እንደሚለማመድ ሕፃን ተናገረ። «የሰጠኋችሁ የትም የሚገኝ ነው። ዋናው ጓዳ ነው። ለእናንተ አይወጣም።»

«ስድብህን ስንሸከምልህ…» ገብረየስ ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፁን ከፍ አደረገ፣ «ሌሊት ስትቃዥ አብረንህ ስንቃዥ፣ አንተ ትሸሽገን ነበር?»

«ስድቡን እውነቱን ነው የሰጠኋችሁ። ቀሎኝ ነበር፣ ለዚያ አመሰግናለሁ።» ዲኖ ትንፋሹን ዋጠ። «አሁን ግን እሱንም መልሱልኝ። አቧራ የተባልኩት እኔ ነኝ። የእኔ ነው፤ እኔ እሸከመዋለሁ።»

«ውጣ!»

«እየወጣሁ ነው።»

ያን ጊዜ ሉሲ ብድግ አለች። ፊቷ ነጥቷል። የተቆጣችው ከሁሉም በላይ እሷ ነበረች። «ዝናቡስ?» ብላ ጮኸች። «ጃኬቱስ? እኔ ያን ቀን ወድጄው ነበር! በሕይወቴ ሰው እንደዚያ ወድጄ አላውቅም። በየማታው እየደጋገምኩት ነበር የምተኛው። ውሸት ከሆነ እኔ አሁን ማን ልሁን? ንገሩኛ!»

ራቢአ መድኃኒት ቤት ልትመታት የነበረችውን ልጅ አየቻት፤ ንዴቷ ለአንዲት ትንፋሽ ያህል የሚያርፍበት አጣ።

«ዝናቡን ያዢው» አለቻት። «ባለቤት የለውም። ከዛሬ ጀምሮ ያንቺ ብቻ ነው።»

ሉሲ ሰሌኑ ላይ ተቀመጠች። ጎኗ ያለው ሰው እጇን ሊይዛት ሲል እጇን ነጠቀችውና ራሷን አቅፋ ብቻዋን አለቀሰች።

*

ኦቦ ሊቤ በሩን ከፈቱላቸው። ዲኖ ልብሱን በፌስታል ይዞ ከኋላ፣ ራቢአ ከፊት ከፊት ሄዱ። ሰው የፈለገችውን አግኝታ ታረቀች ብሎ ያስብ ይሆናል። አልታረቀችም። አስፋልቱ ጋ እስኪደርሱ ድረስ እየተራመደች ስትሰድበው ነበር፤ ሲያልፏቸው የነበሩ ሯጮች እንኳ ዞር እያሉ አይተዋቸዋል።

«ደግሞ ወጉን አታውቅም! መጀመሪያ ቀን ሽማግሌ እንደሚመለስ ሰው አይጠይቅም? አባቴ ሁለተኛ ይልካል ብለው በር በሩን ሲያዩ ነበር!»

ዲኖ ቆመ። «ይመለሳል እንዴ?»

«ይመለሳል!»

«ሁሌም?»

«ሁሌም!»

መንገዱ ዳር ድንጋይ ላይ ቁጭ አለ። ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። እያለቀሰ ነው ብላ ልታዝንለት ስትል ትከሻው በሳቅ እየተናጠ መሆኑን አየች፤ ከዚያ ሳቁ መሐል ለቅሶ ሆነ። አንዲት ወግ ባለማወቁ ዓመቱን ለባዕድ ሰው እንደ ቁራሽ አድሎ ኖሯል። ራቢአ አጠገቡ ቆማ ቦርሳዋን ጨምቃ ያዘች። አልነካችውም።

«ነገ ሰበታ ትወርዳለህ» አለች። «ሽማግሌ ትልካለህ፤ ሦስት ጊዜ። ግን መጀመሪያ ራስህ ትገባና አባቴን ‹አቧራ ማለትዎ አስቀይሞኛል› ትላቸዋለህ። በአፍህ። እሳቸውም በአፋቸው ይመልሱልሃል፤ ሁለታችሁንም ደጅ ላይ አቁሜ አዳምጣለሁ።»

«ነገ ሳይሆን ዛሬ» አለ ዲኖ።

ሚኒባስ መጣ። ረዳቱ «ፒያሳ፣ ፒያሳ!» እያለ በሩን ከፈተው። መጨረሻው ወንበር ላይ ጎን ለጎን ተቀመጡ፤ ራቢአ ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች። እንጦጦን ሲወጡ ዲኖ ወደ ጆሮዋ ጎንበስ አለ። ከዚያ ከዓመታት ዝምታ በኋላ፣ ያን ጠራራ ፀሐይ፣ ያን እውነተኛ ቀን፣ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው በገዛ አፉ ነገራት። እሷ የረሳቻት አንዲት ነገር እንኳ ነበረች፤ እሱ አልረሳትም።

«ይሄን… ይሄን እኔ ረስቼው ነበር» አለች ራቢአ። ከዚያ ትከሻውን በመዳፏ መታችው፣ ደግማ መታችው፤ ለእሱ የያዘችው ጥፊ በመጨረሻ ባለቤቱን አገኘ። ሦስተኛውን ልትመታ ያነሣችው እጅ ግን ትከሻው ላይ ቀረ።

ምን አላት ብላችሁ ትጠይቁ ይሆናል። እዚህ ድረስ አንብባችሁ፣ መጠየቅ መብታችሁ ነው። ለምትጠይቁ ሁሉ ዝናቡና ጃኬቱ አለላችሁ፤ ጥሩ ዝናብ ነው፣ ሉሲም ትመሰክራለች። ዋናው ጓዳ ነው።